ሐረግ በሜሳ

የተጠራሁትስ ለቧንቧ ነበረ፣
ጓሮ ተበስቶ ሲያንጠባጥብ ላደረ።
ሚያዝያ ሊያልቅ ነው፣ አሪዞና፣ ሜሳ፣
ሌሊት አስር ሰዓት፣ ፀሐይ ሳትነሳ፤
ከረፈደማ መፍቻው ፍም ነው፣
በየትኛው እጄ፣ በምን ልያዘው።

ወይዘሮ ቬርሊን፣ ሰማንያ አንድ ዓመታቸው፣
በነጠላ ጫማ፣ ባትሪ በእጃቸው፣
መሩኝ ወደ ጓሮ። ቀና ብል ወደ ላይ፣
ሐረግ ተንሰራፍቶ አይታይም ሰማይ።

“ኪዊ ነው” አሉኝ፤ ሳቄን ዋጥ አደረግሁ።
ኪዊን አውቀዋለሁ፤ ግሪድሊ ሳለሁ
ሁለት ዓመት መስመር ዘርግቼለታለሁ፤
የጉም ልጅ ነው እሱ፣ የለስላሳ አፈር፣
እዚህ ምን ሊያደርግ፣ ከእሳት ሰፈር፣
እንሽላሊት እንኳ አንድ እግሯን አንስታ፣
አንዱን አሳርፋ በምትቆምበት ቦታ?

“ባሌ ነው፣ ኦሪን። ችግኞቹ ሁለት፤
አንዱ ወንድ ተብሎ፣ አንዷ ደግሞ ሴት።”
ብቻውን አያፈራም ብሎታል ሻጩ።

ክንድ ሳይቆፈር ድንጋይ ይጀምራል፤
ድንጋይም አይባል፣ ኖራ ነው፣ ዶማ ያስጮሃል።
ጃክሃመር ተከራይቶ ጉድጓዱን ማሰ፣
ድኝ ነሰነሰ፣ ኮምጣጤ አፈሰሰ፤
ቅጠሉ ሲገረጣ ብረት አጠጣው፣
ፀሐይ ስትበረታ መረብ አለበሰው፤
ደግሞ ብርድ ካላየ አያብብም ቢሉት፣
ጥር ላይ ከማደያው በረዶ በከረጢት
እየተሸከመ ሥሩ ላይ ደፋው፣
“ብርድ ገብቷል፣ ተኛ” እያለ አታለለው።

አበበም።
አስራ ሁለት ሚያዝያ ነጭ አበባ፣
አስራ ሁለት ጥቅምት ባዶ ሽቦ።
ንቡን አሙት። ነፋሱን አሙት። ሙቀቱን አሙት።

“እኛም እንዲሁ ነበርን” አሉ ወይዘሮ ቬርሊን፣
ባትሪውን ወደ መሬት መልሰው።
“ሐኪም ቤት አልሄድንም። ከማን እንደሆነ
ማወቅ አልፈለገም። ወይም እኔ።”

በእኔ ቋንቋ፣ ሽቦ ላይ የሚወጣውም
ከአባት ወደ ልጅ የሚቆጠረውም ስሙ አንድ ነው፤
አልነገርኳቸውም። ጎንበስ ብዬ ቧንቧዬን ጠገንኩ።

ሊነጋጋ ሲል ሁለት አበባ ቀጠፍኩ፣
ከዚህኛው አንድ፣ ከዚያኛው አንድ።
ሴቷ መሃሏ ላይ ነጭ ኮከብ አላት፣
ጨረሩ የተበተነ፤ ግሪድሊ ስንቱን አይቻለሁ።
መዳፌ ላይ ያለው ግን ቢጫ ዱቄት ነው።
ይኸኛውም ዱቄት። ያኛውም ዱቄት።

“ሁለቱም ወንድ ናቸው” አልኳቸው፤ “ሻጩ ተሳስቷል።”

ዝም አሉ። ማቀዝቀዣው ጣራ ላይ ያጓራል።
ከዚያ ሳቁ፣ መጀመሪያ በአፍንጫቸው፣
ኋላ ግንዱን ተደግፈው፣ ትከሻቸው እስኪንቀጠቀጥ፤
መሃል ላይ ሳቅ መሆኑን ተጠራጠርኩ።
“በረዶ!” አሉ። “በረዶ በከረጢት!”

ልንቀለው ወይ ብል፣
“ሐምሌ ላይ ና፤ ከሥሩ አንድ ሰዓት ተቀመጥ፤
ከተቀመጥክበት መነሳት ከቻልክ ንቀለው።”
የቫልቩን ዋጋ ብቻ ተቀብዬ ሄድኩ።

ጥር ላይ ደወሉ። ቧንቧ አይደለም፤ ሸክም።
ከሁለቱ ሽማግሎች መሃል ሦስተኛ ችግኝ፣
በኦሪን ከረባት ከእንጨት የታሰረ፣
ወረቀቱ ላይ በእርሳስ፦ “ሴት?”
ለማፍራት አምስት ዓመት ይፈልጋል፤
እሳቸው ሰማንያ ሁለት ገብተዋል፤
ደምረን አልቀነስንም።

ከረጢቱን ቀድጄ በረዶውን ደፋሁ።
“አናግረው እንጂ” አሉኝ፤ “ዝም ከተባለ አያምንም።”

ኦሪን በቋንቋው አልተቸገረም፤
አንዲት ቃል ለወንዱም ለሴቷም ትበቃዋለች።
እኔ “ብርድ ገብቷል” ብዬ ቆምኩ፣
ያችን የእርሳስ ጥያቄ እያየሁ፦
ተኛ ልበል? ተኚ?
በረዶው በጣቶቼ መሃል ይቀልጣል፣
ወይዘሮ ቬርሊን ይጠብቃሉ።